ሌባ ያጣው ፈርዖን

ትናንት ማታ ተረኛ ስላልነበርኩ በጊዜ ተኛሁና በሕልሜ ግብፅ አገር፣ ያውም በጥንቱ ዘመን፣ የፈርዖን መቃብር ዘበኛ ሆኜ አደርኩ። በእውኔም እኮ የመቃብር ዘበኛ ነኝ። የሰፈራችንን ቤተ ክርስቲያን መካነ መቃብር መጠበቅ ከጀመርኩ አሥራ አንድ ዓመት አልፎኛል። ሌላው ሰው በሕልሙ ይበራል፣ ይሾማል፤ እኔን እዚያም ዱላ አስይዘው መቃብር በር ላይ ገተሩኝ። ሰው በሕልሙ እንኳ እድገት አያገኝም?

ፀሐዩ አናት ይበሳል። በሩ ተራራ ተፈልፍሎ የተሠራ ነው። ከበላዩ «ከዚህ መቃብር ባዶ እጁን የሚወጣ የተረገመ ይሁን» የሚል ተጽፏል። እንዴት እንዳነበብኩት አትጠይቁኝ፤ ጽሑፉ ወፍና እባብ ብቻ ነበር።

ከውስጥ ጩኸት ሰማሁ።

«የሌባ ያለህ! ኧረ የሌባ ያለህ!»

ዱላዬን ይዤ ሮጥኩ። ከእግር እስከ ራሱ በበፍታ የተጠቀለለ ሽማግሌ በሠረገላና በወርቅ አልጋ መካከል ተጣብቆ፣ ጉልበቱን ታቅፎ ተቀምጧል። ካሙት የሚባለው ፈርዖን ነበር፤ ከሞተ መቶ ዓመት ሆኖታል። እሱ አንቱ ይለኛል፣ እኔ አንተ እለዋለሁ። ነውር መሆኑም ትዝ አላለኝ።

«ጋሼ፣ ዛሬም አልመጡም?» አለኝ።

«እነማን?»

«ሌቦቹ ናቸዋ! ጎረቤቴ በተቀበረ በሳምንቱ ተዘርፎ ሄደ። እኔን መቶ ዓመት ሙሉ ማን ዞር ብሎ አየኝ?»

ነገሩን አስረዳኝ። በዚያ አገር ሙት ወደ ወዲያኛው ዓለም የሚሻገረው ራቁቱን ሲቀር ነው። አንዲት ዶቃ እንኳ ካለችው ከበር ይመልሱታል። ቀትር ላይ ደግሞ መርማሪዎች ይመጣሉ። መቃብሩ ውስጥ ዕቃ ካገኙ በሩን ለዘለዓለም ያሽጉታል።

«ታዲያ እኔ ምን አገባኝ?» አልኩት።

«እርስዎም ከእኔ ጋር ነው የሚታሸጉት» አለኝ፣ በጣም እያዘነልኝ።

የምጋደምበትን ቦታ በዓይኔ ፈለግኩ፤ ከወይን ጠጅ ጋኖቹና ከጀልባው መካከል የቀረው ቦታ ለዶሮም አይበቃም። መቃብር ውስጥ ጀልባ ምን ይሠራል?

«እንግዲያው እኔው ልስረቅልህ!»

«ዘበኛ ሲሰርቅማ ጥበቃ ነው የሚባለው። አይቆጠርም» አለኝ።

ወዲያው የሌቦች መሥሪያ ቤት ደጃፍ ላይ ራሴን አገኘሁት። በበፍታ የተጠቀለሉ ሙታን የየራሳቸውን ዕቃ ታቅፈው እስከ ወንዙ ድረስ ተሰልፈዋል። ተራ የሚያስከብረው አዞ ነው። አዞውን በልምምጥ አልፌ ገባሁ። የሌቦቹ አለቃ ጋሽ ሔቡ ይባላሉ፤ ፂማቸው የሸበተ፣ አገር ያከበራቸው ሰው ናቸው።

«ደብዳቤ ይዘሃል?» አሉኝ።

«የምን ደብዳቤ?»

«ዕቃው የሟቹ መሆኑን የሚገልጽ ነዋ። ዝም ብለን ያገኘነውን እንሰርቃለን እንዴ? ሌባ እኮ ነን!»

«ጋሼ፣ በፈጠረዎት፣ ቀትር ሊሆን ነው!»

«ምን ምን አለው?»

«የወርቅ አልጋ፣ የወርቅ ሠረገላ፣ የወርቅ...»

ፊታቸውን አጨማደዱ። «ወርቅ ትተናል። ወገባችንን ጨረሰው። ነጠላ ጫማ የለውም?»

አለቀስኩ። አላፍርም፣ እግራቸው ላይ ወድቄ ተነፋረቅኩ። ጋሽ ሔቡ አንጀታቸው ስለማይችል ስድስት ሌቦች አስከትለው ከእኔ ጋር ወጡ።

ሁሉም ነጭ በነጭ ለብሰዋል። መቃብሩ በር ላይ ሲደርሱ ጫማቸውን አውልቀው አንኳኩ።

«ቤት ለእምቦሳ!»

«እምቦሳ እሰሩ!» አለ ፈርዖኑ፣ በፍታው በደስታ እየተንኮሻኮሸ። «ግቡ፣ ግቡ! ዝረፉ እንጂ፣ ምን ያስቆማችኋል?»

ጉዱ የመጣው እዚህ ላይ ነው፤ ሌቦቹን ይሉኝታ ያዛቸው። ባለቤቱ ፊት እንዴት ብለው ይስረቁ! አንዱ ቀለበት አነሳ፣ አየው፣ መለሰው። ጋሽ ሔቡ አንዲት ዶቃ በሁለት ጣታቸው ይዘው «በቃን፣ ጠገብን፣ ይስጥልን» አሉ።

«ምኑን ነካችሁትና!» አለ ፈርዖኑ። «አልጋውን አንሱ! እሺ፣ ይህችን ማሰሮ ብቻ! በሞቴ!»

«በሞትዎ አይለምኑን፣ ሌላ ቀን እንመጣለን።»

«ሌላ ቀን የለም!» ብዬ ጮኽኩ። የወርቁን ጽዋ ጋሽ ሔቡ ጉያ ውስጥ ወሸቅኩ፤ አውጥተው በክብር ቦታው መለሱት። ማሰሮ በከረጢታቸው ስከትት ከኋላዬ ያወጣሉ። ሲብስብኝ አልጋውን ጎትቼ ወደ ውጭ ወረወርኩት። አንድ መንገደኛ ተሸክሞ መለሰልኝ።

«ወንድም፣ አልጋ ጥለሃል።»

«ጥዬ አይደለም! ውሰደው!»

«ኧረ አላደርገውም፣ የሰው ዕቃ!»

ወሬው ከተማውን አዳረሰ መሰለኝ፣ ሕዝቡ የወደቀ ዕቃ አገኘን እያለ ይጎርፍ ጀመር። የእኛን ብቻ አይደለም፣ ያልነበረንንም ጨምረው ያመጣሉ። አንዲት ሴት ዝይ ይዛ መጣች። «ይህስ የእናንተ አይደለም?» አለችኝ። መቃብሩ ከበፊቱ ብሶ ሞላ።

ቀትር ሆነ። መርማሪዎቹ መጡ፤ ሦስት ድመቶች ናቸው። አንዷ ማኅተም፣ አንዷ ጭቃ ይዛለች፤ ሦስተኛዋ ምንም አልያዘችም፣ ኃላፊ ነች። ኃላፊዋ ወደ ውስጥ አንገቷን ብቅ አደረገች።

«ስንት ሌባ መጣ?»

«ሰባት!» አልኩ ፈጥኜ።

«እና ይህ ሁሉ?»

«ተግደርድረው ነው፣ እመቤቴ!»

«ይታሸግ» አለች።

ጋሽ ሔቡ ዶቃዋን መልሰው እጄ ላይ አኖሩልኝና «እግዜር ያጽናህ» ብለውኝ ወጡ። ፈርዖኑ ጋኑን ገፋ አድርጎ ቦታ ለቀቀልኝ። «ጠጋ ይበሉ እንጂ፣ እንደ እንግዳ አይሁኑ፤ ለዘለዓለም ነው» አለኝ። ትልቁ ድንጋይ መሬቱን እየፋቀ ይመጣ ጀመር። ብርሃኑ ጠበበ፣ ክር አከለ። እኔም እንደ ባልንጀራዬ፣ ባለኝ ድምፅ ሁሉ፣ «የሌባ ያለህ! የሌባ ያለህ!» እያልኩ ነቃሁ።

ነግቷል። ድንጋዩ ግን አሁንም መሬት ይፍቃል። ብወጣ ባለቤቴ እታፈራሁ አንድ ሰፊ ነጭ እብነ በረድ በግቢያችን ጭቃ ላይ ትጎትታለች።

«ምን ያስጮህሃል በጠዋቱ? ይልቅ ናና አግዘኝ! ለደጃፋችን መረገጫ ነው። ከልዋጭ ያገኘሁት።»

«በምን ለወጥሽው?»

«በአሮጌው የዘበኛ ኮትህ። ደግሞ መስጠት ምን ብርቅ ነው! ሰውዬው ተሽቀዳድሞ ነው የተቀበለኝ።»

ውሃ ልታመጣ ገባች። ደረጃው ላይ ላስተካክለው ብዬ ገለበጥኩት። ከሥሩ ጽሑፍ አለ። «አባታችን አቶ ዘውገ አንተነህ» ይላል። የገዛ አባቷ ናቸው። ድንጋዩን መቃብራቸው ላይ፣ ከጥበቃ ክፍሌ ፊት ለፊት፣ በእነዚህ ሁለት እጆቼ ያቆምኩት እኔ ነኝ።

እታፈራሁ ባልዲውን ይዛ በሩ ላይ ቆመች።

«ምነው ፊትህ ተለዋወጠ? ሰውዬው አታለለኝ እንዴ?»

«ኧረ የለም» አልኳት፣ ቶሎ ገልብጬ እየቆምኩበት፣ «ደህና ዕቃ ነው።»