የኪልቫርና ድንጋይ ሁሉ አዋቂ

ያለ አንድ ሁሉን አዋቂ የሚቆም መንደር የለም። የእኛ ኪልቫርናም በሠላሳ ሁለት ቤቷና በአንዲት መጠጥ ቤቷ ክቡር ሊቀ ሊቃውንት ማላኪ ታርፒንን ተሸክማ ትኖራለች። ማላኪ ጡረታ የወጣ ፖስተኛ ነው። አርባ ዓመት ደብዳቤ ሲያድል ያልለካው አጥር፣ ያላገላበጠው ድንጋይ የለም።

"ቆይማ፣ ከሥሩ ልንገርህ" ካለ በቃ፤ ዝናቡ ጀምሮ ያባራል። የጎረቤታችን የጊሊጋን በረት ጉበን ድንጋይ ከፈረሰው ገዳም የተሰረቀ መሆኑን ለራሱ ለጊሊጋን ነገረው፤ ያውም በልጁ ሠርግ ላይ።

"እና ላሞቼ ሲገቡ ይሳለሙ?" አለው ጊሊጋን።

"እነሱስ ካንተ ይሻላሉ።"

አንድ እሑድ ደግሞ ስብከት መሃል ተነሥቶ የቤተ ክርስቲያኑን ዕድሜ በሠላሳ ዓመት አረመ። አባ ክዊግሊ መነጽራቸውን አወለቁና "ማላኪ፣ የጌታን ልደት እንኳ ለኔ ተውልኝ" አሉት።

እውነቱን ልናገር፣ እኔም ከሩቅ ሳየው መንገድ እቀይር ነበር።

በእርሻዬ ጥግ፣ እሾህ የዋጠው ክብ የአፈር ካብ አለ። ባለፈው መጋቢት እሱን ደልድዬ በረት ልሠራበት እስካቫተር ተከራየሁ። ሞተሩ እንደተነሣ ማላኪ በብስክሌቱ ደረሰ። ረጅም ትምህርት መጣብኝ ብዬ ስጠብቅ፣ በአጠገቤ አልፎ ቤት ገባና ከእናቴ ጋር በር ዘጉ።

ሲወጡ የሰማንያ ስድስት ዓመቷ እናቴ አትራክታ ካፖርቷን ለብሳ ክንዱን ይዛለች።

"ሞተሩን አስጠፋው ልጄ" አለችኝ። "ካንተ በፊት አንድ ወንድ ልጅ ነበረኝ። ክርስትና ሳይነሣ ሞተ። ያን ጊዜ እንዲህ ያለውን ሕፃን በቤተ ክርስቲያን አያስቀብሩም ነበር። አባትህ በሣጥን ይዞት ወጣ። የት እንዳኖረው አልነገረኝም፤ እኔም መጠየቅ አቃተኝ።"

አባቴ የነገረው ለማላኪ ኖሯል። ሊሞት ጥቂት ሲቀረው፣ ማላኪ የእርሻችንን ካርታ ሲስል፣ ቦታውን በጣቱ አሳይቶ "መሬቱ ካልተነካ በቀር ለማንም እንዳትናገር" ብሎታል። ይኸው አፉ የማያርፍ ሰው ሃያ ሁለት ዓመት ያንን ይዞ ዝም አለ።

ወደ ካቡ ወሰዳት። እሾሁን በባዶ እጁ ገልጦ ክንድ የማትሞላ ነጭ ድንጋይ አሳያት።

"የልጄ ራስ በየት በኩል ነው?" አለችው።

"በምሥራቅ።" ማላኪ ባርኔጣውን አወለቀ። "ባልሽ ነው ያስተኛው። በገዛ ሹራቡ ጠቅልሎ።"

ከዚያ ለእናቴ መቆሚያ እንዲሆናት የቀረውን እሾህ መግለጥ ጀመረ።

በረቱን ከመንገዱ ወዲያ ሠራሁት። አሁን ሐሙስ ሐሙስ ማላኪ እኛ ቤት ይመጣል፤ ስለ አሮጌው ወፍጮ ይጀምርና ወፍጮው ከመሠራቱ በፊት ወደነበረው ዘመን ይሻገራል። እናቴ ሦስተኛ ሻይ ትቀዳለታለች። ትንፋሽ ሊወስድ ሲያቆም፣ "ከዚያስ?" የምለው እኔ ነኝ።