ሳሩ ነው

ማንም ሳይሾማቸው የአንድ ነገር ጠበቃ ሆነው የሚኖሩ ሴት የሌሉበት ከተማ አውስትራሊያ ውስጥ የለም። የእኛዋ ክብርት ወይዘሮ ሜቪስ ትሬጌር ናቸው፤ ደንበኛቸው ደግሞ ዋትል፣ ያ እሾህ የሌለው፣ በነሐሴ ቢጫ የሚለብሰው አጭር ግራር።

ከባቡር ሐዲዱ ማዶ ያለው ጠጠራማ ጉብታ ስንዴ አያበቅልም፣ በግም አይጠግብበትም። የእኛ ዋትል ግን ከዚያ ሌላ ቦታ አይወድም። ወይዘሮ ሜቪስ ጓሯቸው ሊያላምዱት ሞክረው ደርቆባቸዋል። «ኩሩ ነው፤ ማዳበሪያ ሲሰጡት እንደ ስድብ ይቆጥረዋል» ይላሉ፣ ስለ ልጃቸው የሚያወሩ ይመስል።

በነሐሴ ከተማው ሁሉ ያስነጥሳል፤ ከተማው ሁሉም ዋትልን ይረግማል። አንዱ ሲያስነጥስ ሌላው «ይማርህ» ሳይል ወይዘሮ ሜቪስ ከየት መጡ ሳይባሉ «ሳሩ ነው» ይላሉ። የዋትል ብናኝ ከባድ ስለሆነ እዚያው ሥሩ ይወድቃል እንጂ አፍንጫ ፍለጋ አይዞርም፤ የሚያስነጥሰው የሐዲዱ ዳር ሳር ነው ባይ ናቸው። ቀብር ላይ ቄሱ ጸሎት አቋርጠው ቢያስነጥሱ ከኋላ ሆነው «ሳሩ ነው አባ፣ ይቀጥሉ» ብለዋቸዋል። ዋትል ቤት ሲገባ መከራ ይከተለዋል ብላ ለምታምነው እናቴ ደግሞ ለልደቷ እቅፍ ሙሉ ይዘውላት መጡ። በሳምንቱ ጣሪያችን አፈሰሰ። «አርጅቶ ነው» አሉ፣ ሻያቸውን ሳያስቀምጡ።

ዘንድሮ ምክር ቤቱ የሕዝቡን አቤቱታ ሰምቶ ጉብታውን ሊያስጠርግ ወሰነ። ግሬደሩን ይዞ የመጣው የወንድማቸው ልጅ ጋርኔት፣ አክስቱን ታጣፊ ወንበር ላይ ፔርሙስ ታቅፈው መንገዱን ዘግተው አገኛቸው።

«አክስቴ፣ ተነሺልኝ። ከሥራ ልታስባርሪኝ ነው?»

«ሞተሩን አጥፋ።»

«ሰዉ ታመመ እኮ።»

«ሰብሳቢህን ጥራው። እዚህ አበባው ሥር ከእኔ ጋር ሻይ ይጠጣ። ከሁለታችን አንዳችን ካስነጠስን ጥረገው።»

የምክር ቤቱ ሰብሳቢ ኖልስ መጣ፤ ከተማውም ተከትሎት መጣ። ኖልስ ቅርንጫፍ ስቦ አሸተተ። ምንም። ሻዩን ፉት ብሎ ሌላ ቅርንጫፍ አሸተተ። አሁንም ምንም። ወይዘሮ ሜቪስ ሁላችንንም በኩራት ቃኙን።

እኔ ግን የአጥር ጎረቤታቸው ነኝ። በየነሐሴው ዓይናቸው ቀልቶ፣ አፍንጫቸው እየወረደ ሲያገኙኝ «ሽንኩርት እየከተፍኩ ነው» ይሉኛል። ይህን ሁሉ ሽንኩርት ማን እንደሚበላው ይገርመኝ ነበር። አሁን ከንፈራቸው ተንቀጠቀጠ፣ ዓይናቸው እንባ አቀረረ፣ የፔርሙሱን ክዳን እንደያዙ እጃቸው አየር ላይ ቀረ። ጉብታው በእኚህ ሴትዮ አፍንጫ ሊጠፋ ነው።

ሆን ብዬ ሳንባዬ እስኪገለበጥ አስነጠስኩ። የእሳቸው ከእኔው ጩኸት ጋር አብሮ ወጣ፤ ማንም አልሰማውም። ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። የቆምኩት ከሐዲዱ ዳር፣ እስከ ጉልበቴ ሳር ውስጥ ነበር።

«ሳሩ ነው እንዴ?» አለ ኖልስ። ጋርኔት ቁልፉን ኪሱ ከተተ።

ወይዘሮ ሜቪስ በእጅጌያቸው አፍንጫቸውን ጠርገው ወደ እኔ መጡ። እንዲህ ሲሉ ማንም ሰምቷቸው አያውቅም።

«ይማርህ፣ ልጄ።»

«ያኑርዎት» አልኳቸው፤ ከልቤ ነበር።