ጓድ ዳኘው ያላነበቡት ጥናት

ሳያነብ የሚተች ሰው የሌለበት መሥሪያ ቤት እስካሁን አልተከፈተም። በ1973 ዓ.ም. ባሕር ዳር ላይ ይህን ወንበር የያዙት ጓድ ዳኘው ነበሩ። ኮሌጁ የቀጠራቸው አማርኛ እንዲያስተምሩ ነው፤ ሰገነት ግን በልቧ «ሊቀ ሊቃውንት ዘእንበለ ንባብ» ብላ ሾማቸዋለች።

ሰገነት እዚያው የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ መምህርት ናት። አንዲት ካናዳዊት ባልደረባዋ ወደ አገሯ ስትመለስ አንድ ሣጥን ልብ ወለድ ትታላት ሄደች፤ ሁሉም የካናዳ ሴቶች የጻፏቸው። በእነሱ ላይ ጥናት ስትጽፍ አራት ዓመቷ ነው። ጓድ ዳኘው ከጥናቱ አንድ ገጽ አልገለጡም። ቢሆንም በየስብሰባው ይነሣሉ፣ ጉሮሯቸውን ይጠርጋሉ፣ «ባላነበውም ገብቶኛል» ይላሉ። ከዚያ ወዲያ ማን ያቆማቸዋል!

«በረዶ፣ ምድጃ፣ የባል ኩርፊያ! ይህ ለሰፊው ሕዝብ ምን ይረባዋል?»

አዳራሹ ይስቃል፤ ሰገነት በንዴት ትንጨረጨራለች።

ይባስ ብሎ ሁለቱም ሹም አቦ ሰፈር ነው የሚኖሩት። ከሥራ ሲወጡ በሐይቁ ዳር ይከተሏታል።

«በይ እስቲ፣ ዛሬ ምን ጻፍሽ?»

«ለምን አያነቡትም?»

«ወረቀት ምን ይታመናል? እኛ ቅኔ ቤት በጆሯችን ነው የተማርነው።»

ሳትወድ የጻፈችውን ሁሉ ትነግራቸዋለች፤ ባሏን ጥላ በባቡር ስለ ጠፋችው ሴት፣ የእናቷን ደብዳቤ ከዱቄት ዕቃ ውስጥ ስላገኘችው ልጅ። ስትዘነጋ «ትናንት እንዲህ አላልሽም» ብለው ያርሟታል። እንዲህ ያለውን ሰው ጣና ውስጥ መገፍተር ኃጢአት ይሆን እንደሆነ የነፍስ አባቷን ልትጠይቅ ምንም አልቀራት።

በሚያዝያ ወር ከደኅንነት ሦስት ሰዎች መጥተው ጥናቱን «ለምርመራ» ወሰዱት። ግልባጭ የለውም። ከወር በኋላ ብትጠይቅ «የምን ጥናት?» አሏት። አራት ዓመቷን እንዲህ በአንድ ቃል ቀበሩባት። እልሁ ሲያንገበግባት ሰነበተ፤ ጓድ ዳኘው አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ደጇ ላይ ቢቆሙ ጊዜ ገነፈለ።

«ደስ አለዎት? ያን ሁሉ ሳቅ ያስጀመሩት እርስዎ ነዎት! ይኸው ጠፋልዎት!»

ሊቀ ሊቃውንቱ በርጩማ ስበው ተቀመጡ፣ ዐይናቸውን ጨፈኑ።

«ደብተር አምጪ። ምዕራፍ አንድ።»

ሰኔን ሙሉ እየተመላለሱ በቃላቸው አወረዱት። የደራሲዎቹን ስም እንደ ዳዊት ቢያዜሙትም አንድ አልጎደለም። ሰገነት እያለቀሰች ጻፈች፤ እየተቆጣችም ጭምር፤ ሰውየው በየመሐሉ የራሳቸውን ትችት ይሰኩ ነበር።

«ይህን እኔ አላልሁም!»

«አላልሽም። ማለት ነበረብሽ።»

እስክሪብቶዋን ወረወረች። ኋላ ግን አነሣችና ጻፈችው፤ ኅዳጉ ላይ፣ ከነስማቸው።

ባለቀ ዕለት ደብተሩን ዘረጋችላቸው። «እንግዲህ አሁንስ ያንብቡት።»

ጓድ ዳኘው በእጃቸው መዘን አድርገው መለሱላት።

«ምን ያደርግልኛል? ግልባጩ እኔ ዘንድ አለ።»