ኔጌቲቭ ግማሽ ሲባዛ በሦስት ሽማግሌ

እኔ የምለው፣ ሒሳብ ለኑሮ አይጠቅምም ያለው ማነው? መቼም ሚስት ለማግባት ሽማግሌ ልኮ የማያውቅ ሰው መሆን አለበት።

እዚህ ኩልመስክ ሰባተኛ ክፍል ሒሳብ አስተምራለሁ። ኔጌቲቭ ግማሽ ሲባዛ በሦስት ኔጌቲቭ አንድ ተኩል ይሆናል ስላቸው ተማሪዎቼ ይቆጣሉ። እንዴት ተባዝቶ ይብሱን ይወርዳል? ይሉኛል። እውነታቸውን ነው። ግማሽ ጉድለት ሦስት ጊዜ ሲደራረብበት ሰው የት እንደሚወርድ ያየ ነው የሚያውቀው። እኔ አይቻለሁ።

እናኑን ለማግባት ሽማግሌ የላክሁ ጊዜ ነው። አባቷ ጋሽ አድማሱ አንድ ጠባይ አላቸው፤ የተነገራቸውን ሁሉ ገልብጠው ነው የሚያምኑት። ዝናብ መጣ ሲሏቸው ገብስ ያሰጣሉ። ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነው መልሳቸው። እናኑን የጠየቀውን ሁሉ በዚሁ ጠባይ መልሰውታል። እኔንም ከመለሱኝ አለቀልኝ፤ ከእሷ ሌላ ሴት ዓይኔ ውስጥ አትገባም።

ሽማግሌዎቼን አደራ፣ አሞግሱኝ ብያለሁ። በአገራችን ሽማግሌ መልካም ቃል ሳይሰማ አይቀመጥም፤ ቆመው ይናገራሉ፣ እኔ ከጋሽ አድማሱ ግቢ የድንጋይ ካብ ጀርባ ተሸሽጌ እሰማለሁ። የንስሐ አባቴ ቀደሙ። ልጁ ትጉህ ነው፣ ብቻ ቅዳሴ ያረፍዳል አሉ። ምን ያድርጉ፣ መስቀል ይዘው አይዋሹ! ግማሽ ጎደለ። ጎረቤቴ አያ ሞላ ቀጠሉ። ጨዋ ነው፣ ሞፈርና ቀንበር ግን አይለይም አሉ። ሌላ ግማሽ። የቀረው ርዕሰ መምህራችን ነው፤ የተማረ ነው፣ እሱ ያነሳኛል አልሁ። ጎበዝ አስተማሪ ነው፣ ተማሪዎቹ ብቻ አይገባቸውም አይል መሰላችሁ! ኔጌቲቭ አንድ ተኩል።

ጋሽ አድማሱ ግን ሳቁ።

"እስተዛሬ የመጣው ሽማግሌ ሁሉ ወርቅ ነው፣ እንቁ ነው ሲለኝ፣ ምን ቢደብቁ ነው እያልሁ ስመልስ ኖርሁ። ላኪያችሁን እናንተው ይኸን ያህል ካማችሁት፣ መቼም ደህና ልጅ ቢሆን ነው። በሉ ተቀመጡ።"

ይኸውላችሁ፣ ኔጌቲቭ በኔጌቲቭ ሲባዛ ፖዘቲቭ ነው። ጉድለቴ በአማቴ ጥርጣሬ ተባዝቶ ሚስት ሆነልኝ።

ከተጋባን ወዲህ አማቴ ባገኙኝ ቁጥር ሰነፍ፣ ልፍስፍስ ይሉኛል። በእሳቸው ሒሳብ ስድብ ምስጋና ነውና ደስ ብሎኝ ቤቴ እገባለሁ። ባለፈው ሰንበቴ ላይ ግን በሰው ሁሉ ፊት አማቼን የመሰለ ልጅ የለም ብለው አመሰገኑኝ። ምን ሰምተውብኝ ይሆን? ይኸው እንቅልፍ ካጣሁ ሰነበትሁ።