መምህር ጫንያለውና ያላዩት ባሕር

በየሰፈሩ ሳይጠየቅ የሚያስረዳ አንድ ሰው አይጠፋም። የሌለበት ሰፈር ካለ ንገሩኝ፤ ዕቃዬን ጠቅልዬ ነገ እገባለሁ። ለእኛ ለነቀምቴዎች የደረሱን ክቡር መምህር ጫንያለው ናቸው። ጎጃም ተወልደው፣ ወለጋ ጂኦግራፊ ሲያስተምሩ አረጁ። ባሕር በዓይናቸው አላዩም፤ ስለ ባሕር የማያውቁት ግን የለም።

"ሞገድ ዝም ብሎ አይመታም" ይላሉ። "ለስላሳውን ዳርቻ ይበላና ጓዳ የመሰለ ወሽመጥ ይሠራል። ጠንካራው ቋጥኝ ወደ ባሕሩ ገፍቶ ይቀራል። እሱንም ከግራና ከቀኝ ይቦረቡረዋል፤ ሁለቱ ዋሻዎች ሲገናኙ፣ ቅስት! ኋላ ጣራው ይናዳል።"

ይህን ወደ ሲሬ በሚሄድ አውቶቡስ ውስጥ ሰምቻለሁ። ለቅሶ ቤት ሰምቻለሁ። ሰርግ ላይ የሙሽሮቹን ኬክ በማንኪያ ከሁለት ወገን ቦርቡረው አሳይተውናል። ሙሽራዋ አለቀሰች።

ዘንድሮ ክረምት ጎርፉ የሰፈራችንን የእግር መንገድ ከሥሩ በላው። ከላይ ሣር፣ ከታች ባዶ። እኛ "ጌታ ድልድይ ሠራልን" ብለን ተሻገርንበት። መምህር ግን ጃንጥላ ዘርግተው ጠዋት ጠዋት ድልድዩ አፍ ላይ ይቆሙ ጀመር። ወተት ይዛ ገበያ የምትወርደውን ባለቤቴን ሊሊሴን አስቆሟት።

"አዴ ሊሊሴ፣ ይህ ቅስት ነው። ይናዳል።"

"ማሎ በርሲሳ፣ ምነው መምህር! እዚህ ባሕር የት አለና ነው?"

"ውሃ ውሃ ነው። ከመጀመሪያው ላስረዳሽ . . ."

እኛ ዘንድ መምህር እየተናገረ ጥሎ መሄድ ነውር ነው። ስለዚህ ሊሊሴም፣ ሰፈሩም በላይኛው መንገድ መዞር ያዝን። አደጋውን ፈርተን እንዳይመስላችሁ፤ ትምህርቱን ሸሽተን ነው።

አንድ ጠዋት ጥርሳቸውን አሟቸው ዘገዩ። ሊሊሴ ወደ ገበያ በምትወርድበት ሰዓት መንገዱ ዘጭ ብሎ ወረደ። ሮጬ ስደርስ መምህር ከነልብሳቸው ጎርፉ ውስጥ ናቸው፤ ጭቃውን በእጃቸው ይዝቃሉ።

"ዛሬ እኔ አልነበርኩምና አልፋበታለች! ሊሊሴ! ሊሊሴ!"

እኔም ዘልዬ ገባሁ። ያኔ ከላይኛው መንገድ የሚስቴ ድምፅ መጣ።

"በርሲሳ፣ ምን ጠፋብዎት?"

ቀና ብለው አዩዋት። አፋቸው ተከፈተ፤ አንድ ቃል አልወጣውም። ስንት ዓመት የለመንኩት ዝምታ መጣና አስፈራኝ።

ጎትቼ አወጣኋቸው። ቤት ወስደን አጠብናቸው፣ የእኔን ሹራብ አለበስናቸው። እሳት ዳር ሲሞቃቸው ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

"አሁን ጣራው ተንዶ መሃል ላይ ብቻውን የቀረው ምሰሶ . . ." ብለው ጀመሩ።

ደክሞኛል፤ እውነቴን ነው ደክሞኛል። ተነሥቼ በሩን ዘጋሁት፤ እንዳይሄዱብን።