እግዜር የቆፈረው ጉድጓድ

እግዜርን በራሱ ምትክ ተከሳሽ የሚያደርግ ሰው ገጥሟችሁ ያውቃል? ሕንድ አገር ሕግ ስማር፣ በደጁ የሚያልፈውን ያላሰበ ሰው ቸልተኛ መሆኑን ለማስረዳት መምህራችን ዓመቱን ሙሉ ደክሞበታል። የጂንካው ነጋዴ ጋሽ ታፈሰ ግን ነገሩን በአንድ ቃል ይጨርሱታል።

ቀበሌው ሽንት ቤት ቆፍሩ ባለ ጊዜ ጋሽ ታፈሰ ያስቆፈሩትን ጉድጓድ በገበያው መንገድ ዳር ሳይከድኑ ተዉት። ጎረቤቴ አስቴር በቆሎ ተሸክማ ስታልፍ ገባችበትና እግሯ ተሰበረ። ጤና ጣቢያው፣ አርባ ምንጭ ሆስፒታል ካልደረሰች እግሯ ይቆረጣል አለ። ጋሽ ታፈሰ ስኳርና ዳቦ ይዘው ሊጠይቋት መጡ።

«እግዜር ያመጣውን ምን ይደረጋል፣ ልጄ? መኪናዬም ነገ አርባ ምንጭ ቡና ጭኖ ነው የሚሄደው።»

እኔ አጠገቧ ተቀምጬ ነበር። ሕግ ተምሬ ስኳሩንና ዳቦውን ተቀበልኩላት።

በማግስቱ ጠዋት፣ መኪናው ሳይነሳ፣ የራሳቸው በቅሎ እዚያው ጉድጓድ ገባች። ጋሽ ታፈሰ ሰፈሩን አናወጡት። ጥፋተኛው ቆፋሪው ነው ብለው ሽማግሌ ሰበሰቡ። ለምስክርነት ማንን ቢጠሩ ጥሩ ነው? አስቴርን! ሽማግሌዎቹን አልጋዋ ድረስ ይዘው መጡ።

«መስክሪ እንጂ ልጄ፣ ክፍት አልነበረም?»

«ክፍት ነበር፣ ጋሼ። እኔ ስገባ እግዜር ነው አሉኝ። በቅሎዋ ስትገባ ሰው ሆነ?»

ከሽማግሌዎቹ ትልቁ ከዘራቸውን ተደግፈው ተነሡ።

«ታፈሰ፣ ቡናውን አውርድ» አሉ።