የደኑ ዘበኛና የሽታዬ ምሰሶ

በየአገሩ አንድ ሰው አይጠፋም፤ ትንሽ ሥልጣን ይሰጡታል፣ እሱ ትልቁን ወስዶ ያድራል። ከጠዳ ወረድ ብላ ወንዝ ዳር ለተቀመጠችው ለሾላ ዳር መንደር የደረሷት አያ አድማሴ ናቸው። ጣሊያን በወጣ በጥቂት ዓመቱ፣ ከወንዙ ማዶ ያለው ደን «ጥብቅ» ተባለና የጎንደር ሹማምንት እሑድ እሑድ በማኪና እየመጡ ጥላው ሥር ይናፈሱበት ጀመር። ለዘበኝነት አያ አድማሴ ተቀጠሩ፤ ፊሽካም ተሰጣቸው። ፊሽካዋ ወር ሳትቆይ ጠፋች። የፈለጋት የለም፤ ድምፃቸው ይበቃ ነበር።

«በሕግ አምላክ!» ይላሉ ክቡርነታቸው።

ይህ ቃል የዋዛ አይደለም። «በሕግ አምላክ» የተባለ ሰው ነፍሰ ገዳይም ቢሆን ካለበት ቀጥ ይላል። አያ አድማሴ ግን ለጭራሮም ይሉታል። የሙሽራ በቅሎ አንድ ቅጠል ብትቀነጥስ ሚዜው ሁሉ ፀሐይ ላይ ተገትሮ ቆየ። ቄስ ተክለ ጊዮርጊስ ለደመራ እንጨት ፍለጋ ገብተው አንድ እግራቸውን እንዳነሡ ቀሩ። ከጎንደር የመጡ ትልቅ ሰውም ለመፋቂያ የወይራ ቀንበጥ ቆርጠው፣ መፋቂያውን እንደነከሱ በሹፌራቸው ፊት ቆመዋል። ምን ያድርጉ፣ ሕግ ነዋ!

መንደሩ ይህን እያነሣ ይስቃል። ሽታዬ ግን ሳቁ አልቆባታል። ባሏ ከሞተ ወዲህ እርሻውም ልጆቹም በእሷ ጫንቃ ላይ ናቸው። አሁን ደግሞ የቤቷን ምሰሶ ምስጥ በልቶት ጣሪያው ጎብጧል፤ ክረምቱም እየመጣ ነው። ለምሰሶ የሚሆን ቀጥ ያለ ጥድ ያለው ደኑ ውስጥ ብቻ ነው።

«አያ አድማሴ፣ አንዲት ጥድ ብቻ» አለቻቸው። «ቤቱ ልጆቼ ላይ ሊወድቅ ነው።»

«እኔ መች ጠላሁ ሽታዬ? ጥዱ የኔ ነው እንዴ? የመንግሥት ነው።»

«ምነው አንቱ፣ መንግሥት አንዲት ጥድ ጎደለች ብሎ ከጎንደር ይመጣል?»

«እሱ ባይመጣ እኔ አለሁ።»

አልተቆጣችም። ቁጣም ጉልበት ይፈልጋል፤ እሷ ደግሞ ያላትን ጉልበት ለአረም አውላዋለች። ደጋግማ ለመነች፣ ሽማግሌ ላከች፣ ሽማግሌዎቹም በሕግ አምላክ ተብለው ተመለሱ።

ሰኔ ሲገባ ጣሪያው በሌሊት ሲንቋቋ ሰማች። ጎሕ ሲቀድ መጥረቢያዋን ይዛ ወንዙን ተሻገረች፤ አንዱን ሸጋ ጥድ መርጣ መጥረቢያውን አነሣች።

«በሕግ አምላክ!»

እጇ እንደተሰቀለ ቀረ። መጥረቢያው ቢከብዳትም አላወረደችውም። አያ አድማሴ ቀስ ብለው መጡና መጥረቢያውን ከእጇ ተቀብለው ወደ ቤቷ አሰናበቷት። መንገዱን ሁሉ እያለቀሰች ሄደች። የሚያስለቅሳት እፍረት አልነበረም፤ ድካም ነበር።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ አያ አድማሴ ከጎረቤታቸው ከፋንታሁን ጋር ምሰሶ ተሸክመው ከች አሉ። ጭስ ያጠቆረው፣ የተደገፈው ጀርባ ብዛት ያለሰለሰው አሮጌ የጥድ ምሰሶ ነበር። ወሬ ሳያበዙ የተበላውን አውጥተው አቆሙት። ጣሪያው ቀና አለ።

ሽታዬ እንጨቱን በመዳፏ ዳሰሰችው። እንዲህ ያለ ምሰሶ የሚገኘው ከቆመ ቤት ውስጥ ነው።

«ይሄ ከማን ቤት ነው?»

«ከደኑ አይደለም» አሉ አያ አድማሴ ወደ መሬት እያዩ።

«ብቻቸውን ከሚያድሩባት ከራሳቸው ጎጆ ነው» አለ ፋንታሁን። «ከጠዋት ጀምረን ስናፈርስ ዋልን።» ይህን ብሎ መሣሪያውን ሰብስቦ ሄደ።

ዝናቡ መጣል ጀመረ። አያ አድማሴ ከደጅ ቆመው ወዴት እንደሚሄዱ የጠፋቸው መሰሉ። ያን ሁሉ ሰው ያስቆሙት ሰውዬ፣ ማንም ሳያስቆማቸው ቆመው በዝናብ ይደበደባሉ። ሽታዬ ከበሩ ብቅ አለች።

«ይግቡ» አለቻቸው።

«ኧረ ሰው ምን ይላል፣ ሽታዬ?»

«ሰው የፈለገውን ይበል። እኔ ደክሞኛል፤ ይግቡና በሩን ይዝጉት።»